ፍጥረትና መኖሪያው

(በሬዲዮ የተነገረ ንግግር)

በሬዲዮ ያሰማነውን ንግግር በጽሑፍ ለመከታተል ለምትሹ ሁሉ እነሆ በዚህ ሳምንት ስለ ሕያዋን ፍጥረታትና ስለ መኖሪያቸው እናቀርብላችኋለን። ይህ ጉዳይ ለተማሪ ቤት የተተወ ትምህርት መስሎ የሚታየው ሰው ይኖር ይሆናል። ነገር ግን ይህን ዓምድ የምታነቡት አብዛኞቻችሁ በየመሥሪያ ቤቱ ብዕር ይዛችሁ የምትውሉ፣ ደብዳቤ የምታረቅቁ፣ ፕላን የምትመረምሩና በጀት የምትደለድሉ ሠራተኞች ናችሁ። ስለዚህ ነገሩ ከተማሪው ይልቅ ለእናንተ የሚቀርብ መሆን አለመሆኑን ንግግሩን እስከ መጨረሻ አንብባችሁ እንድትፈርዱ እንለምናለን።

አባቶቻችን «ወፍ እንዳገሯ ትጮኻለች» ሲሉ የሰውን ልማድና ቋንቋ ለማመልከት ነው። ሆኖም ስለ ወፊቱም የተናገሩት እውነት ነው። ወፍ እንዳገሯ የምትጮኸው ብቻ አይደለም፤ እንዳገሯም ትበላለች፣ እንዳገሯም ጎጆ ትሠራለች፣ እንዳገሯም ትወልዳለች። የምንቃሯ ርዝመት የምትለቅመውን ፍሬ ወይም የምትቆፍረውን ጭቃ ይመስላል። የእግሯ ጣት የምትቆምበትን ቅርንጫፍ ወይም የምትረግጠውን ረግረግ ይመስላል። ጫጩቶቿን የምትፈለፍልበት ወር እንኳ በአገሩ ዝናብና በአገሩ እህል የተቆረጠ ነው።

እንግዲህ መኖሪያ ስንል ምን ማለታችን ነው? አንድ ፍጥረት በአንድ ሥፍራ ለመኖር የሚያስፈልጉት ነገሮች በአጭሩ ሲቆጠሩ እነዚህ ናቸው፤ ምግብ፣ ውሃ፣ ከጠላትና ከብርድ የሚሸሸግበት ጥግ፣ ልጆቹን የሚያሳድግበት ቦታ፣ ለአካሉ የሚስማማ ሙቀት፣ እንዲሁም አብረውት የሚኖሩ ሌሎች ፍጥረታት። ከእነዚህ መካከል አንዱ ቢጎድል የቀሩት ሁሉ ሞልተው ቢትረፈረፉ አይጠቅሙም። በርሜል ከጎኑ ካሉት እንጨቶች አንዱ አጥሮ ከተሠራ፣ ውሃው የሚቆመው ባጠረው እንጨት ልክ እንደ ሆነ ማለት ነው።

ሰው በዚህ ረገድ ከሌሎች ፍጥረታት የተለየ ዕድል አለው። አንድ የመንግሥት ሠራተኛ ከልደታ ወደ ጎዴ ቢዛወር ካፖርቱን ሣጥን ውስጥ ከትቶ ቀለል ያለ ልብስ ይለብሳል። ወደ ደብረ ብርሃን ቢዛወር ደግሞ ካፖርቱን አውጥቶ ይደርባል፤ ማታም ከሰል ያነዳል። ጤፉ ከጎጃም፣ ቡናው ከጅማ፣ ጨዉ ከአፋር እየተጫነ ይመጣለታል። ሰው ባጭሩ መኖሪያውን በጓዙ ጭኖ የሚዞር ፍጥረት ነው። ሌላው ግን ጓዝ የለውም። ሰውነቱ ራሱ ለአንድ ሥፍራ የተሰፋ ልብስ ስለ ሆነ፣ ሥፍራው ሲቀደድ ልብሱን መለወጥ አይችልም።

ይህን ይበልጥ ለማስረዳት ሕይወት የሌለውን ነገር ምሳሌ እናድርግ። የልደታን ሠፈር የምታውቁ ሁሉ «አሮጌው ኤርፖርት» የሚለውን ስም ሰምታችኋል። የኢትዮጵያ አየር መንገድ ሥራውን ከጀመረበት ከ1938 ዓ.ም. አንሥቶ እስከ 1950ዎቹ ዓመታት አጋማሽ ድረስ የአዲስ አበባ የአውሮፕላን ማረፊያ በልደታ ነበር። በዚያ ዘመን ይበርሩ ለነበሩት ባለ ፕሮፔለር አውሮፕላኖች ሜዳው ይበቃ ነበር። የጄት አውሮፕላን በመጣ ጊዜ ግን ክብደቱና ፍጥነቱ ረጅምና ጽኑ ማኰብኰቢያ የሚሻ ስለ ነበር፣ ከተማዋ ከ2,300 ሜትር በላይ ከፍታ ላይ መሆኗና አየሩም ስስ መሆኑ ተጨምሮበት፣ የልደታ ሜዳ አልበቃም። ስለዚህ ማረፊያው ወደ ቦሌ ተዛወረ። እንግዲህ ከብረት የተሠራው አውሮፕላን እንኳ «ይህ ሥፍራ ለእኔ አይሆንም» የሚልበት ጊዜ አለ። ለአውሮፕላኑ ግን መሐንዲሶች ነበሩለት፤ ሜዳ መርጠው ቦሌን አዘጋጁለት። ለወይራ ዛፍ፣ ለዓሣና ለቀበሮ ሌላ ቦሌ የሚያዘጋጅላቸው የለም።

ይህን ነገር በጉልህ የሚያሳየን በባሌ ተራሮች የሚኖረው ቀይ ቀበሮ ነው። ቀይ ቀበሮ ከኢትዮጵያ በቀር በዓለም ላይ በየትኛውም አገር አይገኝም። በሰሜን፣ በወሎ፣ በመንዝና በአርሲ ተራሮች ጥቂት ጥቂት ይገኛል፤ ከግማሽ የሚበልጠው ግን በባሌ ነው። ሁሉም ተደምረው ለአቅመ መውለድ የደረሱት ከ500 እንደማይበልጡ ይገመታል። ይህ ማለት የአንድ መካከለኛ መሥሪያ ቤት ሠራተኞችን ቁጥር እንኳ የማያህል ዘር ማለት ነው።

ቀይ ቀበሮ ከ3,000 ሜትር በላይ በሆነው ብርዳም ደጋ ላይ የሚኖር፣ ምግቡም በአብዛኛው አይጥና ፍልፈል የሆነ አውሬ ነው። አፈ ሙዙ ቀጭንና ረጅም የሆነው ከጉድጓድ አፍ ላይ ለመንጠቅ እንዲመቸው ነው። በባሌ ከሚያድናቸው መካከል ዋነኛው ከዚያ አካባቢ በቀር በሌላ ሥፍራ የማይገኘው ትልቁ ፍልፈል ነው። ፍልፈሉ በበኩሉ ለመቆፈር የሚመች ለስላሳ አፈርና ለምግቡ የሚሆን ሣር ይሻል። እንግዲህ ነገሩን ወደ ኋላ ስንመልሰው፣ ሥጋ በል የሆነው ቀበሮ ኑሮው በሣር ላይ የተመሠረተ ሆኖ እናገኘዋለን። ሣሩን ከብት ሲግጠው፣ አፈሩ በኮቴ ሲጠቀጠቅ፣ የገብሱ እርሻም ከዓመት ወደ ዓመት ወደ ላይ ሲወጣ ፍልፈሉ ያልቃል፤ ፍልፈሉ ሲያልቅ ቀበሮው ይራባል። ከእረኛው ጋር የሚወጣው ውሻ ደግሞ የእብድ ውሻን በሽታ ይዞበት ይመጣል። እንደ አውሮፓ አቆጣጠር በ1990ዎቹ መጀመሪያና እንደገና በ2003 ይህ በሽታ በባሌ ብዙ ቀበሮዎችን ጨርሷል። ልብ በሉ፤ በዚህ ሁሉ ውስጥ ጠመንጃ የተኮሰ ሰው አልነበረም። ቀበሮው የተጎዳው መኖሪያው በመጥበቡ ነው። ቆላው እየሞቀ፣ እርሻውም እየወጣ ሲሄድ ወደ ላይ ይሸሽ እንዳንል ከተራራው ጫፍ በላይ ሌላ ተራራ የለም።

በሰሜን ተራሮች የሚኖረው ጭላዳም እንዲሁ ነው። ጭላዳ ቀኑን ሙሉ ቁጭ ብሎ ሣር እየነቀለ የሚውል፣ ሲመሽ ደግሞ ከነብርና ከጅብ ለመዳን በገደሉ ከንፈር ወርዶ የሚያድር ነው። ስለዚህ የሚያስፈልገው የሣሩ ሜዳና ገደሉ ጎን ለጎን ሆነው ነው። ሣር ያለ ገደል ቢሰጠው ሌሊቱን አይድንም፤ ገደል ያለ ሣር ቢሰጠው ቀኑን አይጠግብም። የመኖሪያን ነገር የሚመረምር ሰው ይህን ማስተዋል አለበት፤ አንድ ሥፍራ ለአንድ ፍጥረት የሚበቃው በስፋቱ ብቻ ተለክቶ አይደለም።

ከእንስሳት ወደ ዕፅዋት እንመለስ። ዛፍ ከቆመበት የማይነቃነቅ በመሆኑ ሥፍራውን ከማንም ይበልጥ የሚሻ እርሱ ነው። ወይራን እንውሰድ። የወይራ ፍሬ ሲበስል ወፎች ይበሉታል፤ ሥጋውን ፈጭተው ፍሬውን ከኵሳቸው ጋር ይጥሉታል። የሚጥሉትም ብዙ ጊዜ በሚያርፉበት ቁጥቋጦ ሥር ነው። የተጣለው ፍሬ ሲበቅል ቡቃያው ለጋ ስለ ሆነ የበጋ ፀሐይ ያከስለዋል፣ ፍየልም ይቀነጥሰዋል። በቁጥቋጦው ጥላና እሾህ ተከልሎ ካደገ ግን ሥሩ ይጠልቃል፣ ግንዱም ይጠነክራል። ስለዚህ ያ «የማይረባ» ተብሎ ተመንጥሮ የሚቃጠለው ቁጥቋጦ ለወይራው ሞግዚቱ ነው። ወፊቱ ደግሞ ዘሪው ናት። ሞግዚቱን መንጥሮ፣ ዘሪዋን አባርሮ፣ ወይራ ጠፋ ብሎ ማዘን የነገሩን ሥር አለማወቅ ነው።

ይህን የመሰለ የዛፍ ማኅበር በአገራችን ዛሬም ተጠብቆ የሚገኘው በአብዛኛው በቤተ ክርስቲያን ግቢ ነው። በደቡብ ጎንደር ከአየር ላይ ወደ ታች የሚመለከት ሰው ሰፊውን የእርሻ መሬት ቢጫ ሆኖ ያየዋል፤ በመካከሉም እዚህና እዚያ ክብ ክብ የሆነ ጥቁር አረንጓዴ ነጥብ ያያል። እያንዳንዱ ነጥብ አንድ ቤተ ክርስቲያንና በዙሪያው ያለው ደን ነው። ጥዱ፣ ወይራው፣ ዝግባው፣ ዋንዛውና ጥቁር እንጨቱ በገበሬው መሬት ላይ ካለቁ በኋላ የተረፉት ቅጥሩን ተጠግተው ነው። በደን ጥናት ሊቅነታቸውና «እመጓ» በተባለው መጽሐፋቸው የሚታወቁት ዶክተር ዓለማየሁ ዋሴ እነዚህን ደኖች ለረጅም ጊዜ አጥንተዋል። ከጥናታቸው ከምንማረው ዋነኛው ነገር ይህ ነው፤ ደኑ ዘር አላጣም፤ ያጣው ቡቃያው የሚያድግበትን ሰላም ነው። ከብት እንደ ልቡ በሚገባበት ደን ውስጥ አሮጌዎቹ ዛፎች ቆመው ይታያሉ እንጂ ተተኪ የላቸውም። አሮጌዎቹ በወደቁ ጊዜ ደኑ አብሮ ይወድቃል። በመሆኑም ካህናቱና ምእመናኑ ከተመራማሪዎች ጋር ተመካክረው፣ ከእርሻ የተለቀመ ድንጋይ እየካቡ በልዩ ልዩ ደኖች ዙሪያ አጥር ሠርተዋል። ድንጋዩ ከእርሻው ሲነሣ ለአራሹ ተመቸው፤ ቡቃያውም በአጥሩ ውስጥ ቀና አለ።

እስካሁን ያልነውን ሰምቶ «ይህ የአውሬና የዛፍ ነገር ነው፤ የከተማ ሰው ምን አገባው?» የሚል ቢኖር የአዲስ አበባን የራሷን ታሪክ እናስታውሰዋለን።

ዳግማዊ ምኒልክ በእንጦጦ በተቀመጡ ጊዜ ሥፍራው ለጦር ጥበቃ የተመረጠ ነበር። ነገር ግን ብርዱ ጽኑ፣ ነፋሱ ብርቱ፣ ማገዶውም እየራቀ የሚሄድ ነበር። በ1879 ዓ.ም. እቴጌ ጣይቱ ከፍልውሃ አጠገብ ቤት አሠርተው ሥፍራውን አዲስ አበባ ብለው ሰየሙት። ሕዝቡም ከእንጦጦ ወደ ታች ወረደ። ከጥቂት ዓመታት በኋላ ግን ያው ችግር ተከትሎ መጣ። ለቤት መሥሪያና ለማገዶ የሚሆነው የአገር ዛፍ በከተማይቱ ዙሪያ እየተቆረጠ አለቀ። በ1890ዎቹ ዓመታት መጀመሪያ ንጉሠ ነገሥቱ መናገሻቸውን በስተ ምዕራብ ደን ወዳለበት ወደ አዲስ ዓለም ለማዛወር አስበው በዚያ ሕንፃ ማሠራት ጀምረው ነበር። እንግዲህ የመንግሥት መቀመጫ፣ ከነመኳንንቱ፣ ከነሠራዊቱና ከነጸሐፊዎቹ፣ በማገዶ ምክንያት ጓዙን ሊጭን ተነሥቶ ነበር ማለት ነው። የቀበሮው ታሪክ በመጠኑ የእኛም ታሪክ ሆኖ ነበር።

ከተማይቱን በሥፍራዋ ካስቀሯት ምክንያቶች አንዱ ባሕር ዛፍ ነው። ባሕር ዛፍ ከአውስትራልያ የመጣና በዚያው ዘመን በአዲስ አበባ መተከል የጀመረ ዛፍ ነው። ሲቆርጡት እንደገና የሚያቈጠቍጥ፣ በጥቂት ዓመታት ውስጥ ለማገዶና ለወጋግራ የሚደርስ በመሆኑ ሕዝቡ በፍቅር ተከለው። አዲስ ዓለም ለመናገሻ ታስቦ የተጀመረው ሕንፃ ለማርያም ቤተ ክርስቲያን ሆነ፤ አዲስ አበባም ቀረች። ለዚህ ውለታው ባሕር ዛፍን ማመስገን ይገባል። ዛሬም በየገጠሩ ባሕር ዛፍ ባይኖር ኖሮ የተረፈው ጥድና ወይራ በምድጃ ባለቀ ነበር።

ይሁን እንጂ ዛፍን ከመኖሪያ ጋር አንድ አድርገን ማየት የለብንም። ባሕር ዛፍ በትውልድ አገሩ ቅጠሉን የሚበሉት ብዙ ነፍሳትና እንስሳት አሉት። ወደ እኛ ሲመጣ እነርሱን በስተኋላው ትቶ ስለ መጣ በፍጥነት ያድጋል፤ ነገር ግን ቅጠሉን የሚበላ፣ ፍሬውን የሚለቅም የአገር ፍጥረት ጥቂት ነው። ሥሩ ውሃን አብዝቶ ይስባል፤ በጥላውም ሥር ሣርና ቁጥቋጦ አይበረክትም። ስለዚህ ከባሕር ዛፍ ተክል በታች የሚያልፍ ሰው ብዙ ግንድ ያያል እንጂ ብዙ ድምፅ አይሰማም። በአንጻሩ አንድ አሮጌ ሾላ ቢያገኝ ፍሬው ወፉን፣ ወፏ ዘሩን፣ የበሰበሰው ቅርፊት ነፍሳቱን፣ ነፍሳቱም ሌላውን ወፍ ሲመግቡ ያያል። ሁለቱም ዛፍ ናቸው፤ አንዱ ጎተራ ነው፣ ሁለተኛው መንደር ነው።

ከ2011 ዓ.ም. ጀምሮ በየክረምቱ በአረንጓዴ አሻራ ስም ብዙ ችግኝ ይተከላል። እናንተም በየመሥሪያ ቤታችሁ ተሰልፋችሁ የተከላችሁ ናችሁ። መልካም ሥራ ነው። ነገር ግን ችግኝ የሚቆጠረው በሐምሌ ቢሆንም የሚፈተነው በጥር ነው። ለደረቅ ተረተር የሚሆነውን ወይራና ጥድ በረግረግ፣ ለብርድ የሚሆነውን ኮሶ በቆላ ተክሎ ቁጥር ማስመዝገብ ሥራውን ከፍሬው ይለያል። ማንኛውም ተክል ከመተከሉ አስቀድሞ ሊጠየቅ የሚገባው «ስንት?» ሳይሆን «የት፣ ከማን ጋር?» የሚለው ነው።

አሁን ደግሞ ስለ ውሃ እንናገር። ትንሹ አቃቂ በከተማይቱ ምዕራባዊ ወገን፣ ትልቁ አቃቂ በምሥራቃዊ ወገን ወደ ደቡብ ወርደው በአባ ሳሙኤል ሐይቅ ይገናኛሉ፤ ከዚያም ወደ አዋሽ ይፈስሳሉ። የልደታንና የአካባቢውን ዝናብ የሚቀበሉት በእነዚህ ወንዞች የሚጠቃለሉ ጅረቶች ናቸው። በውሃ ውስጥ የሚኖር ፍጥረት እንደ እኛው ይተነፍሳል፤ የሚተነፍሰውም በውሃው ውስጥ የሟሟውን አየር ነው። የመጸዳጃ ቤት ፍሳሽ፣ የቄራ ደምና የቆዳ ፋብሪካ እጣቢ ወደ ወንዝ ሲለቀቅ ይህን ቆሻሻ የሚያበሰብሱ ረቂቃን ሕዋሳት በእጅጉ ይበዛሉ፤ ሲበዙም ያንን አየር አሟጠው ይጨርሱታል። ከዚያ በኋላ ዓሣውና ንጹሕ ውሃ የሚሹት የነፍሳት እጮች በውሃ ውስጥ እያሉ ታፍነው ይሞታሉ።

ወንዙ ግን ባዶ ሆኖ አይቀርም፤ ይህን አጥብቀን ልንይዘው ይገባናል። ሥፍራው ሲለወጥ ነዋሪው ይለወጣል እንጂ ሥፍራ ያለ ነዋሪ አይቀርም። ዓሣው ሲሄድ አየር ባነሰበት ጭቃ ውስጥ መኖር የሚችለው ቀይ ትል ይመጣል፤ በቆመው ኩሬ ትንኝ ይፈለፈላል። በአባ ሳሙኤል ሐይቅ ላይ እምቦጭ የተንሰራፋውም በዚሁ ምክንያት ነው። እምቦጭ ከደቡብ አሜሪካ የመጣ ተንሳፋፊ አረም ሲሆን፣ ፍሳሽ ያዳበረው ውሃ ለእርሱ የለማ ማሳ ነው። በጣና ሐይቅም እንደ አውሮፓ አቆጣጠር በ2011 ከታየ ወዲህ ዓሣ አጥማጁን፣ ታንኳ ቀዛፊውንና የሐይቁን ዳር ገበሬ ሲያስጨንቅ ኖሯል። በእጅ ቢነቅሉት፣ በመኪና ቢያጭዱት፣ ውሃውን እስካዳበርንለት ድረስ ተመልሶ ይመጣል። እምቦጭ ደጅ ሰብሮ አልገባም፤ ድግሱን አዘጋጅተን ጠራነው።

የአቃቂም ነገር በወንዙ ዳር አያበቃም። በዳርቻው በወንዙ ውሃ ጎመን፣ ቆስጣና ሰላጣ ይለማል፤ ወደ ከተማችን ገበያም ይወጣል። በዚያ አፈርና በዚያ አትክልት ላይ የተደረጉ ምርመራዎች እንደ ክሮሚየም ያሉ ከባድ ብረቶች መኖራቸውን አሳይተዋል። እንግዲህ ጠዋት ከመሥሪያ ቤት ቧንቧ የወጣው ፍሳሽ፣ ከወራት በኋላ በሳሕን ላይ ሆኖ ወደ ሠራተኛው ማዕድ ሊመለስ ይችላል ማለት ነው። ሰው መኖሪያውን በጓዙ ጭኖ ይዞራል ብለን ነበር። ውሃውንና አፈሩን ግን ሊጭን አይችልም፤ በዚህ ረገድ እኛም እንደ ዓሣው ነን።

የተከበራችሁ አንባብያን፤ ከዚህ ሁሉ በኋላ ወደ ልደታ እንመለሳለን። ልደታ ስሟን ያገኘችው ከልደታ ለማርያም ቤተ ክርስቲያን ነው። ከ15 ዓመታት በፊት ጀምሮ በሠፈሩ የነበሩት የጭቃ ቤቶች እየፈረሱ በምትካቸው ባለ ብዙ ፎቅ ቤቶች ተሠርተዋል፤ የከተማው ባቡርም ከላይ ያልፍበታል። ሰው ከተጣበበና ከሚያፈስ ጣራ ወጥቶ በደኅና ቤት መኖሩ የሚያስደስት ነው፤ ማንም ወደ ኋላ እንዲመለስ አይመኝም። ነገር ግን በአሮጌው ሠፈር በየጓሮው የነበረው ጥድ፣ በየአጥሩ ሥር የነበረው ቁጥቋጦ፣ ዝናቡን ይጠጣ የነበረው ባዶ አፈር አብሮ ተነሥቷል። አፈሩ በሲሚንቶ ሲሸፈን የክረምቱ ዝናብ ወደ ታች መስረጉን ትቶ በላይ በላዩ ይሮጣል። በታችኛው ሠፈር ጎርፍ ይሆናል፤ በበጋም ጉድጓዱን የሚሞላው ውሃ ይጎድላል። ከተማችን ከምትጠጣው ውሃ ከፊሉ ከለገዳዲ፣ ከድሬና ከገፈርሳ ግድቦች ቢመጣም፣ ብዙው ከከርሰ ምድር የሚቀዳ መሆኑን መርሳት አይገባም።

ለውጡን የለመዱ ፍጥረታትም አሉ። አንገቷ ላይ ነጭ ቀለበት ያላትን ርግብ ሁላችሁም ታውቋታላችሁ። ይህች ርግብ በዓለም ላይ ከኢትዮጵያና ከኤርትራ ደጋ በቀር አትገኝም። በተፈጥሮዋ የገደል ወፍ ናት። የቤተ ክርስቲያኑን ጣራና የፎቁን ጠርዝ ባየች ጊዜ ገደል አገኘሁ ብላ ሠፈረችበት። እርሷ ተሳክቶላታል፤ ምክንያቱም ሳናስበው የምትሻውን ዓይነት መኖሪያ ሠራንላት። ከዚህም የምንማረው ነገር አለ። ሳናስበው ለርግብ መኖሪያ መሥራት ከቻልን፣ አስበንበት ለሌሎቹ መሥራት አያቅተንም።

ታዲያ በጽሕፈት ጠረጴዛ ላይ የተቀመጠ ሰው ምን ሊያደርግ ይችላል? አገር የሚያናውጥ ነገር አንጠይቅም። የመሥሪያ ቤት ግቢ እንዲነጠፍ የቀረበ የሥራ ዝርዝር ሲደርሳችሁ፣ ከግቢው ምን ያህሉ በአፈርነቱ እንደሚቀር የሚያመለክት አንድ መስመር እንዲጨመርበት ጠይቁ። ዛፍ እንዲቆረጥ ፈቃድ የሚለምን ማመልከቻ ሲቀርብ፣ ዛፉ የአገር ዛፍ መሆን አለመሆኑ፣ ሕንፃውንም ጥቂት ወደ ጎን ማድረግ ይቻል እንደ ሆነ ሳይጻፍ አትፈርሙ። የችግኝ በጀት ስትደለድሉ ከመትከያው ገንዘብ ላይ ከጥቅምት እስከ ግንቦት ለሚያጠጣው ሠራተኛ የሚሆን ድርሻ አስቀሩ። በየጥጉ የበቀለውን ቁጥቋጦ ሁሉ ለማጽዳት አትቸኩሉ፤ ከሥሩ የወይራ ቡቃያ ይኖር ይሆናልና። ከሁሉም በላይ የመሥሪያ ቤታችሁ ፍሳሽ በየት በኩል ወጥቶ የት እንደሚገባ ጠይቃችሁ እወቁ። ይህን የሚያውቅ ሠራተኛ በየመሥሪያ ቤቱ አንድ ቢገኝ ለአቃቂ ትልቅ ዘመድ ተገኘለት ማለት ነው።

የአውሮፕላን ማረፊያው ከልደታ ወደ ቦሌ የተዛወረው በፕላንና በደብዳቤ ነው። መናገሻው ወደ አዲስ ዓለም ሊዛወር የታሰበውም በምክርና በትእዛዝ ነው። ወይራው ግን የዝውውር ማመልከቻ አያቀርብም፤ ዓሣውም ለአቤቱታ ከበራችሁ ቆሞ ተራ አይጠብቅም። ስለ እነርሱ ጉዳይ በፋይሉ ውስጥ አንድ ቃል የሚገባው፣ ፋይሉን የያዘው ሰው ራሱ አስታውሶ ከጻፈው ብቻ ነው። ያ ሰው በዚህ ሳምንት ከእናንተ መካከል አንዱ ሊሆን ይችላል።